የዳር ሰዎችና የዘጋቢው ዓይን

በቋንቋችን «ጉድ» የሚለው ቃል ሁለት ፊት አለው። የሚያስደንቅ ነገር ጉድ ነው፤ የሚያሳፍርም ነገር ጉድ ነው። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ የባላባቱን ሥርዓት ከባላባቱ ዘመድ ተወልዶ የሚነቅፈውን ካሣን የአገሩ ሰው «ጉዱ» ብሎ የሰየመው ሁለቱንም ፊት አጣምሮ ነው። ታሪኩ የሚነሣው በፍኖተ ሰላምና በቡሬ መካከል ካለችው ከማንኩሳ በመሆኑም የምዕራብ ጎጃም አንባቢ ጉዱ ካሣን እንደ ጎረቤቱ ያውቀዋል። ይሁን እንጂ ጉዱ ካሣ የልብ ወለድ ሰው ነው። ደራሲው እንደ ወደደ ሊያናግረው፣ እንደ ወደደ ሊቀብረው ይችላል። ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው ግን ይህ መብት የለውም። እርሱ የሚያነሣው ሰው ፊልሙ ካለቀም በኋላ በዚያው መንደር ያድራል፤ በዚያው ገበያ ይውላል፤ በካሜራ ፊት የተናገረው ቃል በማግሥቱ ከጎረቤቱ አፍ ተመልሶ ይደርሰዋል። እንግዲህ የኅብረተሰቡ ዳር ላይ የሚኖሩ ሰዎችን ሕይወት የሚያሳይ ዘጋቢ ሥራ ሲመዘን፣ ቅርፁ አማረ ወይስ አላማረም ከሚለው ጥያቄ ጋር ዕዳው ተከፈለ ወይስ አልተከፈለም የሚለው አብሮ መነሣት ይኖርበታል።

ከልማድ ውጭ የሚኖሩትን ሰዎች የእኛ ሥነ ጥበብ ሲመለከት ወይ ያዝንላቸዋል፣ ወይ ይደነቅባቸዋል፣ አለዚያም ስም ያወጣላቸዋል። ይህ የመጨረሻው በተለይ የእኛ የተማርነው ሰዎች ጠባይ ነው። አንድ ዘመን «የአሮጌው ሥርዓት ቅሪት» ስንል ከረምን፤ በሌላው ዘመን ደግሞ በአዋጅ ቁጥር 384/1996 «አደገኛ ቦዘኔ» የሚል ቃል በሕግ መጽሐፍ ውስጥ ገባ። አዋጁ የታሰበለት ጉዳይ ሌላ ሊሆን ይችላል፤ ቃሉ ግን ከአዋጁ ወጥቶ ሥራው በቅርጫትና በመሥሪያ ቤት የማይለካለትን ሰው ሁሉ መከተሉ አልቀረም። ስም የወጣለት ሰው ደግሞ ፊቱ አይታይም። የገጠርን መሬት የሕዝብ ሀብት ያደረገው የ1967ቱ አዋጅ ቁጥር 31 ለማረስ ለሚፈልግ ሁሉ መሬት እንዲደርሰው ሲደነግግ ርስት ያልነበረውን ሸማኔና ሸክላ ሠሪ በሕግ ፊት ከርስተኛው ጋር አስተካክሎታል። በሰው ዓይን ፊት ግን አላስተካከለውም። ይህ ሁለተኛው ማስተካከል በአዋጅ የሚሆን አልነበረምና ፈንታው የመምህሩና የከያኒው ሆኖ ቀረ። ምን ያህል እንደ ሠራንበት ለመመርመር ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ ከግሽ ዓባይ መጀመር ይቻላል።

ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 4 ቀን 1770 ሰከላ ውስጥ ካለው ከግሽ ዓባይ ምንጭ ደረሰ። ከሃያ ዓመት በኋላ እ.ኤ.አ. በ1790 ኤዲንብራ ላይ ባሳተመው ባለ አምስት ቅጽ መጽሐፍ ውስጥ የምንጩን ጠባቂ አገው «ክፍለ ዓባይ»ን ሥሎ አስቀምጦልናል። ሰባ ዓመት የሚሆነው፣ ነጭ ጺሙ የረዘመ፣ ቆዳ የለበሰ ሽማግሌ ነው። ሰማንያ አራት ወይም ሰማንያ አምስት ልጆች አሉኝ አለ። ብሩስ ስሙን «የወንዙ አገልጋይ» ብሎ ተርጉሞታል፤ ለእኛ ጆሮ ግን ክፍለ ዓባይ ማለት ለዓባይ የተከፈለ፣ የዓባይ ድርሻ የሆነ ማለት ነው። በአገልጋይና በድርሻ መካከል ያለው ልዩነት ቀላል አይደለም። አገልጋይ ጌታውን ጥሎ ሊሄድ ይችላል፤ ድርሻ ግን ከባለ ድርሻው የሚለይበት መንገድ የለውም። ከትርጉሙ ስሕተት ይልቅ ግን የሚከነክነኝ ሌላ ነው። ብሩስ «መንፈሱን በዓይንህ አይተኸው ታውቃለህ?» ብሎ ይጠይቀዋል። ሽማግሌውም አዎን፣ በቅርቡ ፀሐይ ስትጠልቅ ከዛፍ ሥር አየሁት፣ የልጄንም ሞት ነገረኝ፣ ከፋሲል ሠራዊት ወገን ሰዎች እንደሚመጡም ነገረኝ፤ ፈርቼ እባቤን ጠየቅሁ፣ እባቡም ምግቡን ደኅና አድርጎ በላ፣ ስለዚህ ከእናንተ ክፉ እንደማይደርስብን ዐወቅሁ ሲል ይመልሳል። አንባቢ ልብ ይበል። በዚህ መልስ ውስጥ አንድ አባት የልጁን ሞት ጠቅሷል። ብሩስ ግን ወደ እባቡ ያልፋል። ከሰማንያ በላይ ልጆች አሉኝ ያለው ሰው ለተመልካቹ ትንግርት ሆኖ ቀረ እንጂ ሐዘንተኛ አልሆነም። የሞተው ልጅ ማን እንደ ነበረ፣ በምን እንደ ሞተ የሚጠይቅ አንድ ጥያቄ ቢጨመር ኖሮ፣ ዛሬ በእጃችን ያለው የአንድ ሰው ምስል ይሆን ነበር።

ይኸው ብሩስ በዚያው ቀን ከምንጩ ውኃ በኮኮናት ቅል ቀድቶ ስለ ንጉሡ ስለ ሣልሳዊ ጆርጅ ጤንነት ጠጣ። ከእርሱ በፊት እ.ኤ.አ. በ1618 እዚያው የደረሰውን ስፔናዊውን ፔድሮ ፓኤዝን አላየም ብሎ ተከራከረ። አብሮት የነበረውን የቦሎኛውን ሠዓሊ የሉዊጂ ባሉጋኒን ድርሻ ደግሞ አደበዘዘው፤ የሥዕሎቹም ሞያ ለራሱ ተቆጠረ። እንዲህ ያለው ዘጋቢ የዳር ሰውን ሲሥል መሐል ላይ የሚያቆመው ማንን እንደ ሆነ ግልጽ ነው። ብሩስን ለመውቀስ ብቻ አይደለም ይህን የማነሣው፤ ስለ ወንዙ የአገው ሥርዓት፣ በዓመት አንድ ጊዜ ስለሚታረደው ጥቁር ጊደርና ሥጋው ለየነገዱ ስለሚከፈልበት ሁኔታ እርሱ ባይጽፍልን ኖሮ ብዙ ነገር ከእጃችን በወጣ ነበር። የሚያይ ዓይን ነበረው። የጎደለው ጆሮ ነው።

ጆሮን ያስቀደመ ሥራ ስንፈልግ በ1959 ዓ.ም. የታተመው «መጽሐፈ ትዝታ» ይገኛል። መንግሥቱ ለማ የአባታቸውን የአለቃ ለማ ኃይሉን ቃል በቴፕ ቀድተው፣ ከቴፑ ወደ ወረቀት ገልብጠው ያቀረቡት ነው። ስለዚህ መጽሐፍ ብዙ የተባለው ከታሪክና ከቋንቋ አንጻር ነው። እኔ ግን የአገራችን ዘጋቢ ሥነ ጥበብ ካሉት መሠረቶች አንዱ አድርጌ አየዋለሁ። አለቃ ለማ በእርጅናቸው የተከበሩ ሊቅ ናቸው፤ በትዝታቸው ውስጥ ግን ለትምህርት ሲል ከአገር አገር የሚንከራተት፣ ከደጅ ደጅ የሚለምን ተማሪ ይታያል። ልጃቸው የአባታቸውን አነጋገር ወደ መጽሐፍ አማርኛ አላቃኑትም። ንግግሩ እንደ ንግግር ይሄዳል፤ ይቋረጣል፤ ወደ ኋላ ይመለሳል። ለማኝነቱን የሚተርከው ራሱ የለመነው ሰው በመሆኑ ኀዘኔታ የሚገባበት ቀዳዳ የለም፤ ሳቅ ግን ሞልቶበታል። በዚህ ሥራ የዘጋቢው ብልሃት ዝም ማለቱ ላይ ነው። እርግጥ ልጅ ለአባቱ የሚሰጠውን ጆሮ ባዕድ ለባዕድ ይሰጣል ወይ የሚለው ጥያቄ እንዳለ ነው።

ለዚህ ጥያቄ መልስ የሚሆን ሥራ የመጣው ካልተጠበቀ ወገን ነው። ጃፓናዊው ኢትሱሺ ካዋሴ፣ በኦሳካ የብሔራዊ ኢትኖሎጂ ሙዚየም ባልደረባ፣ ጎንደር ከተማን ለዓመታት ሲመላለስ አማርኛ ተምሮ በርካታ ፊልሞች ሠርቷል። ከእነርሱ መካከል እ.ኤ.አ. በ2005 የወጣው ስለ ላሊበሎች የተሠራው ፊልምና ከዚያ ብዙም ሳይቆይ የተከተለው «ክፍል 11፣ ኢትዮጵያ ሆቴል» ለርእሳችን ቀጥተኛ ናቸው።

ላሊበሎችን፣ በሌላ ስማቸው አሚናዎችን፣ የማያውቅ የአማራ አገር ልጅ ጥቂት ነው። ከንጋት በፊት ይመጣሉ። ፀሐይ ሳትወጣ ከደጅ ቆመው የቤቱን ባለቤት በስሙ እየጠሩ ያዜማሉ፤ ከሰጠ ይመርቁታል፤ ካልሰጠ ቃሉ ይመራል። ብዙውን ጊዜ ባልና ሚስት ናቸው፤ ወንዱ ቃሉን ሲያወርድ ሴቷ ዜማውን ይዛ ትቆያለች። ስለ እነርሱ የሚነገረው የታወቀ ነው፦ ዜማውን ካቆሙ የሥጋ ደዌ ይይዛቸዋል፣ ከዘር ወደ ዘር የሚተላለፍ ግዴታ ነው ይባላል። በልጅነቴ ድምፃቸው ከሩቅ ሲሰማ ጋቢዬን ወደ ራሴ ስቤ እተኛ ነበር። እንቅልፍ አሸንፎኝ አልነበረም፤ እናቴ እህል ይዛ እስክትወጣ ድረስ ምርቃቱ ወደ እርግማን እንዳይለወጥ ስለምፈራ ነው። ይህ ፍርሃት ብቻውን ብዙ ፊልም ሠሪ የሚጎመጅበት ነገር ነው። የሥጋ ደዌ፣ ምስጢር፣ እርግማን፣ ጨለማ፤ ለትንግርት የሚያስፈልገው ሁሉ ተሟልቷል።

ካዋሴ ይህን አቋራጭ አልሄደበትም። ፊልሙ የሚከተለው በጎንደር ከደጅ ወደ ደጅ የሚሄዱ አንድ አዛውንት ባልና ሚስት ነው። ፊልሙ የተደገፈው በሰዎቹ ድምፅ ነው፤ በእርምጃቸው፣ በድካማቸው፣ እርስ በርስ በሚለዋወጡት ቃል። እነዚህ ሰዎች ሥራ እየሠሩ መሆናቸው ቀስ በቀስ ይገባናል። ድምፅ አለ፤ የተጠና ዜማ አለ፤ እንደ ባለ ቤቱ ሁኔታ ወዲያው የሚገጠም ቃል አለ፤ የገበያ ዕውቀት አለ። ሰምና ወርቅ የሚችልን ሰው በቅኔ ማኅሌት ሲቆም ሊቅ የምንለው በደጃችን ሲቆም ግን ለማኝ የምንለው በምን ሚዛን ነው? ፊልሙ ይህን ጥያቄ በአፉ አይናገረውም፤ ተመልካቹ ግን ሳይጠይቅ አይነሣም። ስለ ደዌው የሚነገረውን ታሪክ በተመለከተም አንድ ነገር ልጨምር። የሥጋ ደዌ በተጣመሩ መድኃኒቶች የሚድን በሽታ ከሆነ ከ40 ዓመት በላይ አልፎታል። ዜማው ግን አልቆመም። ዜማውን ያቆየው የደዌ ፍርሃት ብቻ ቢሆን ኖሮ መድኃኒቱ በመጣ ማግሥት መቆም ነበረበት። እንግዲህ ሌላ ምክንያት አለ ማለት ነው፤ እንጀራ፣ ቤተሰብ፣ ሞያ፣ ምናልባትም ኩራት። «ጎታች ልማድ ነው፣ ሲማሩ ይተዉታል» ብለን ያለፍነው ሁሉ ይህን መመርመር ነበረብን፤ ይህ ጸሐፊ ራሱን ከዚህ ወቀሳ አያወጣም።

ፊልሙ ጉድለት የለበትም ማለቴ አይደለም። ግማሽ ሰዓት ገደማ ለዚህ ርእስ ያንሳል። ከዚህም በላይ የላሊበሎች ኃይል በቃል ጨዋታው ላይ ነው፤ የባዕድ ተመልካች ከሥር በሚጻፍለት ትርጉም የሚደርሰው ሰሙ ነው፣ ወርቁ መንገድ ላይ ይቀራል። ለእኛ የቀረበ ፊልም ቢሆን ኖሮ በቃሉ ላይ ይበልጥ መቆየት፣ አንዱን ግጥም ከደጅ ደጅ እንዴት እንደሚለዋወጥ ማሳየት በተገባ ነበር። ይህን ግን ከጃፓናዊው መጠበቅ ግፍ ነው። የእኛ ፈንታ ነበር።

«ክፍል 11»ን ከላሊበሎቹ ፊልም አስበልጬ አየዋለሁ። ታሪኩ በጎንደር ጎዳና ላይ ስለሚኖሩ ሁለት ልጆች ነው፤ ካሜራው ግን ጎዳናውን አያሳይም። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ፊልም ሠሪው ካረፈበት ከኢትዮጵያ ሆቴል ክፍል አይወጣም። ልጆቹ ይመጣሉ፤ ይቀመጣሉ፤ ያወራሉ፤ ይቀልዳሉ፤ ጎዳናውን በቃላቸው ወደ ክፍሉ ይዘውት ይገባሉ። ስለ ጎዳና ልጅ የተሠሩ ፊልሞችን ያየ ሰው ይህ ምርጫ ምን ያህል እንግዳ እንደ ሆነ ያውቃል። እኛ የለመድነው ልጁ በካርቶን ላይ ተኝቶ፣ ዝንብ ፊቱ ላይ አርፎ፣ ዋሽንት ከኋላ ሲያላዝን ነው። እዚህ ዋሽንት የለም። ልጁ እንግዳ ነው፤ የሚያነጋግረውም ሰው እንግዳ ነው፤ ሁለቱም በአንድ ክፍል ውስጥ ተፋጠው ተቀምጠዋል። እንዴት እንደሚኖሩ፣ ምን ብለው ራሳቸውን እንደሚያጽናኑ ሲናገሩ ተመልካቹ ከእነርሱ የሚማረው ነገር እንዳለ ይሰማዋል።

ክፍሉ ግን ቁልፍ አለው፤ ቁልፉም በአንደኛው ወገን እጅ ነው። ንግግሩ ሲያልቅ አንዱ አልጋው ላይ ይቀራል፣ ሁለቱ ይወጣሉ። ካሜራው ተከትሏቸው አለመውጣቱ ክብር ነው ወይስ ሽሽት? ፊልሙን ደጋግሜ ባሰብሁት ቁጥር መልሴ ይለዋወጣል። ክብር ነው፤ ምክንያቱም የልጆቹን መኝታ ለእኛ ማሳያ አላደረገውም። ሽሽትም ነው፤ ምክንያቱም ሌሊቱ ከቃላቸው በላይ ምን ሊሆን እንደሚችል የምናውቅበት መንገድ ተዘግቷል። ይሁን እንጂ አንድ ነገር በርግጥ መናገር ይቻላል፦ ይህ ፊልም ሠሪው ማን እንደ ሆነ፣ የት እንደ ተቀመጠ፣ ምን እንዳለው አልደበቀም። ብሩስ ምንጩ ዳር ራሱን ንጉሥ አድርጎ ሲያቆም፣ ካዋሴ በሆቴል ክፍል ውስጥ ራሱን እንግዳ አድርጎ አስቀመጠ።

ከልማድ መውጣቱን ዐውቆና መርጦ የኖረ ሰው ሲመጣ ደግሞ የዘጋቢው ችግር መልኩን ይለውጣል። በደቡብ ጎንደር ፎገራ ውስጥ ያለው የአውራ አምባ ማኅበረሰብ በ1964 ዓ.ም. በዙምራ ኑሩ አስተባባሪነት ተመሠረተ። ሴትና ወንድ ሥራ የማይለዩበት፣ የሃይማኖት ተቋም የሌለበት፣ በሽመና የሚተዳደር መንደር ነው። ከጎረቤቶቻቸው ጋር በተፈጠረው ጠብ በ1980ዎቹ መጀመሪያ ዓመታት አካባቢያቸውን ለቀው እስከ ቦንጋ ተሰደው ነበር፤ የተመለሱት ከመንግሥት ለውጥ በኋላ ነው። ኋላ ቴሌቪዥኑም ጋዜጣውም ጎበኛቸው፤ ፊንላንዳዊቷን ፓውሊና ቴርቮን ጨምሮ የውጭ ፊልም ሠሪዎች ሠሩባቸው፤ ዙምራም በ2002 ዓ.ም. ከጅማ ዩኒቨርሲቲ የክብር ዶክትሬት ተቀበሉ። ስለ መንደሩ ያየኋቸው ዝግጅቶች አብዛኞቹ ግን አንድ ዓይነት ናቸው። ወንዱ እንጀራ ሲጋግር ይታያል፤ ሴቷ ስታርስ ትታያለች፤ መሥራቹ ያብራራሉ፤ እንግዳው ይደነቃል። ዳር የነበረው ሰው መሐል ሲመጣ ራሱን አሳምሮ ለመናገር ይበቃል፤ ካሜራውም ያን ያማረ ንግግር ተቀብሎ ይሄዳል። የቦንጋው ስደት ዓመታት፣ ያባረሯቸው ጎረቤቶች ዛሬ የሚሉት፣ እዚያው ተወልዶ መንደሩን ለቆ የሄደ ወጣት ካለ የእርሱ ሐሳብ፤ ይህ ሁሉ በአንድ ዓረፍተ ነገር ይታለፋል። ውዳሴም እንደ ኀዘኔታው ሁሉ ፊትን ይሸፍናል።

ወደ ምዕራብ ጎጃም ልመለስ። ይህ አገር የዋሸራና የጎንጅ ቅኔ አገር ነው። ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንጠልጥሎ፣ በትሩን ለውሻ ይዞ «በእንተ ስማ ለማርያም» የሚለው ተማሪ በዚህ መንገድ ላይ ስንት ዘመን ተመላለሰ! ሐዲስ ዓለማየሁ ራሳቸው በዚህ ትምህርት ያለፉ ናቸው። የቆሎ ተማሪ ከቤቱ ወጥቶ የሄደ፣ አብዛኛውን ጊዜ ወላጆቹን ሳያስፈቅድ የጠፋ፣ በሌላ አገር ጎጆ ቀልሶ እየለመነ የሚኖር ልጅ ነው። በማንኛውም መለኪያ የዳር ሕይወት ነው። ሆኖም በየበዓሉ የሚቀርቡት የቴሌቪዥን ዝግጅቶች ወይ ደበሎውን እንደ ጌጥ ያሳዩናል፣ ወይ ቁራሹን እንደ መከራ። የቅኔ ዘረፋውን ሌሊት፣ ዜማ የጠፋበትን ተማሪ እፍረት፣ በዕድሜ እኩያው የሆነው የከተማ ተማሪ ሲያልፍ የሚሰማውን ነገር የሚያሳይ ሥራ ግን እኔ አላየሁም።

ግሽ ዓባይም እንዲሁ ነው። አቡነ ዘርዐ ብሩክ መጻሕፍቶቻቸውን ለወንዙ አደራ ሰጥተው ኋላ ሳይርሱ ተቀበሉ የሚለው ትውፊት ያለበት ጸበል ነው፤ ሕመምተኛው፣ ባሕታዊው፣ ተሳላሚው እዚያ ይሰበሰባል። ካሜራ ይዞ የሚሄድ ሰው በቀላሉ ብዙ ፊት ይዞ ይመለሳል። ነገር ግን በጸበል ሥር የቆመ ሰው ራቁቱን ነው፤ ሕመሙም ራቁቱን ነው። ፈቃድ ያልተጠየቀበት ምስል ምን ቢያምር ከብሩስ እባብ አያልፍም። የፎቶግራፍ ክበብ ያላቸው የፍኖተ ሰላምና የቡሬ መምህራን ይህን ለተማሪዎቻቸው ከመብራትና ከቅርበት ትምህርት በፊት ቢያስተምሩት መልካም ነው፤ ዛሬ ካሜራው በእያንዳንዱ ልጅ ኪስ ውስጥ ነውና።

ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የትጥቅ ግጭት መነሣቱ ለዚህ ሥራ ሌላ አስቸጋሪ ነገር ጨምሮበታል። መንገድ በሚዘጋበትና የሰዓት እላፊ በሚታወጅበት ጊዜ ከንጋት በፊት መውጣት ግዴታው የሆነ ዘማሪ እንዴት አድርጎ ይወጣል? ለላሊበሎች ጨለማ የሥራ ሰዓት ነው። የካዋሴ ፊልም ሲሠራ የተለመደ የነበረው የዚያ ንጋት ጉዞ በየትኛው ከተማ እንደ ቀጠለ፣ በየትኛው እንደ ተቋረጠ የሚመዘግብ ሰው ያስፈልጋል፤ መዝጋቢውም ከዚሁ የሚወጣ ቢሆን ይመረጣል።

ለዚህ ሥራ የሚነሣ ወጣት ካለ አንድ ነገር ልጠቁመው። ላሊበላው ከደጃችን ከመድረሱ በፊት ባለው ቀን ከጎረቤት ይጠይቃል። የባለቤቱ ስም ማን ነው? የሚስቱስ? ማን ወለደ? ማን ከሩቅ አገር ተመለሰ? በዚህ ዓመት ከዚህ ቤት የሞተ አለ? ይህን ሁሉ ይዞ ነው ንጋት ላይ የሚቆመው። እናቴ በዚያ በጨለማ እህሉን ሰፍራ ስትወጣ የሞተውን ወንድሜን በስሙ ሲጠራው ሰማች። ስሙን ማን እንደ ነገረው እስከ ዛሬ አናውቅም። እርሷ ግን እህሉን ሰጥታ ቶሎ አልተመለሰችም፤ ዜማው እስኪያልቅ ድረስ ደጁ ላይ ቆማ ቀረች።